የመርዶው ትዕይንት፦ ተዋናይዋ እያለቀሰች ተመልካቹ ለምን አያለቅስም?

መነሻ ጽሑፍ

ይህን የመድረክ ውይይት (ክር ይሉታል) የከፈተው ደብረ ማርቆስ ዙሪያ አጭር ፊልም የሚሠራ ዳይሬክተር ነው። ትዕይንቱን እንዲህ ዘረዘረው፦ ሊነጋጋ ሲል አንዲት እናት ደጃፏ ላይ በርጩማ ስባ ተቀምጣ ጥጥ ትፈትላለች። ሦስት ሽማግሌዎችና ሁለት ጎረቤት ሴቶች ይመጣሉ፤ ከቤት የወጣ ልጇን መርዶ ይዘው ነው። አንደኛው ሽማግሌ ረዘም ያለ ንግግር አድርገው ይነግሯታል። ትጮኻለች፣ የምትፈትለው ክር ይበጠሳል፣ ደረቷን ትመታለች፣ ማሲንቆ ይገባል። ርዝመቱ 3 ደቂቃ ከ40 ሰከንድ ነው፤ ከዚያ ውስጥ 2 ደቂቃ ተኩሉ ለቅሶ ነው። የተዋናይዋ እንባ እውነተኛ ነው፣ ምስሉ ጥርት ያለ ነው፣ ድምፁም አይጎረብጥም። ያዩት ሁሉ ግን ተዋናይዋን አመስግነው ተነሡ እንጂ ዓይኑ የረጠበ አልነበረም። የጎደለው ትወናው ነው፣ ካሜራው ነው፣ ሙዚቃው ነው ወይስ ጽሑፉ ብሎ ጠየቀ።

መልሶቹን በቁጥራቸው አስከትላለሁ። የምስማማበትንና የማልስማማበትን በየመሐሉ ሳልናገር አላልፍም፤ ነገሩ ዝም ተብሎ የሚታለፍ አይደለምና።

1ኛ መልስ

የመጀመሪያው መላሽ ኤዲተር ነው። ሰላምታውን አስቀድሞ፣ ዳይሬክተሩን ስለ ድካሙ አመስግኖ ገባ። በሱ አስተያየት ተዋናይዋ የተመልካቹንም ድርሻ አልቅሳዋለች። እንባ ፈሶ ሲታይ ኀዘኑ መውጫውን አግኝቷል፤ ተመልካቹ የሚሠራው ነገር አይተርፈውም። እንባው ዓይን ውስጥ ሞልቶ አልወርድ ሲል ግን የሚያየው ሰው ጉሮሮ ይታነቃል። ስለዚህ ከለቅሶው 20 ሰከንድ ብቻ ይኑር፣ እሱም መጨረሻ ላይ ይሁን፤ የተረፈው ጊዜ እንባዋን ለመያዝ ለምትታገልበት ይሰጥ ሲል መከረ።

2ኛ መልስ

በአንድ መስመር ተስማማና አንድ ጥያቄ ጨመረ፤ ልጁ ከመርዶው በፊት በፊልሙ ይታያል ወይ?

3ኛ መልስ

ዳይሬክተሩ ተመልሶ ልጁ ግድግዳ ላይ በተሰቀለ ፎቶግራፍ ብቻ እንደሚታይ ገለጸ።

4ኛ መልስ

የስክሪፕት ጸሐፊ ናት፤ ጉድለቱ እዚህ ነው ብላ ጣቷን ቀሰረች። ለማናውቀው ሰው ማዘን እንችላለን፣ ማልቀስ ግን ለምናውቀው ነው። ልጁ በመጀመሪያዎቹ ደቂቃዎች 40 ሰከንድ ቢሰጠው ይበቃዋል። ግን ጎበዝ ነው፣ እናቱን ይወዳል ተብሎ በሰው አፍ እንዳይነገር አስጠነቀቀች፤ አንድ ነገር ሲሠራ ይታይ። ምሳሌዋ ያ በርጩማ ነው። አንዱ እግሩ ተሰንጥቆ ይነቃነቃል፤ ልጁ ከመውጣቱ በፊት በእርጥብ ጠፍር ጥፍር አድርጎ ያስረዋል፣ በመዳፉ ጫን ጫን ብሎ ይፈትነዋል፣ ይሄዳል። ጠፍሩ ሲደርቅ ይጠብቃል፤ ልጁ ከሄደም በኋላ የታሰረው እንደታሰረ ነው።

አሠራሩን በደረጃ አስቀመጠችው። ዕቃው ሦስት ጊዜ ይታይ፤ መጀመሪያ ሥራ ላይ፣ ሁለተኛ ሌላ ነገር እየታየ በዳር በኩል፣ ሦስተኛ መርዶው ላይ ማንም ስሙን ሳያነሣው። ብዙ ሰው የሚሳሳተው በመጀመሪያው ነው፤ በርጩማውን በክሎዝ አፕ (በጣም ቀርቦ) ሲያሳይ ተመልካቹ ይኼ ነገር ኋላ ሊመጣ ነው ብሎ ይጠረጥራል። መጀመሪያ ላይ ከእጁና ከፊቱ ጋር በመካከለኛ ሾት (እስከ ወገብ በሚያሳይ ምስል) ብቻ ይታይ አለች።

5ኛ መልስ

ይህኛው ያነሣው ማን መቼ ያውቃል የሚለውን ነው። መነሻ ጽሑፉ ላይ እናትየውም ተመልካቹም እኩል ሰሙ፤ ያ ድንጋጤ ይፈጥራል፣ ድንጋጤ ደግሞ ወዲያው ያልፋል። እውቁ የፊልም ዳይሬክተር አልፍሬድ ሂችኮክ ከጠረጴዛ ሥር ስለተጠመደ ፈንጂ የሰጠውን ማብራሪያ አስታወሰ፤ ተመልካቹ ሳያውቅ ቢፈነዳ የ15 ሰከንድ ድንጋጤ ነው፣ ፈንጂው እንዳለ ቀድሞ ቢያውቅ ግን የ15 ደቂቃ ጭንቀት ነው። የኛ መርዶ ደግሞ በባሕሪው እንዲህ ነው፤ መንደሩ ሁሉ ያውቃል፣ መርዶው የሚነገራት ብቻ አታውቅም። ስለዚህ ትዕይንቱ ከእናትየው ሳይሆን ከመንገዱ ይጀመር፤ ሽማግሌዎቹ ዋርካ ሥር ቆመው ማን ይናገር እያሉ ሲያቅማሙ። ከዚያ በኋላ እሷ ስትፈትል ብናያት እያንዳንዱ የእንዝርት ዙር ያማል።

6ኛ መልስ

መላሹ በዕድሜ የገፉ ሰው መሆናቸው ከአጻጻፋቸው ያስታውቃል፤ ከዚህ በኋላ ሁሉም አንቱ እያለ ነው የሚያነሣቸው። ወግ አክባሪነታቸውን ሳይለቁ ሁለት ስሕተት አረሙ። ጎረቤት ሴቶቹ በተቀረጸው ትዕይንት ላይ ነጠላቸውን አዘቅዝቀው፣ ጥለቱን ወደ ላይ አድርገው ነው የመጡት። ይህ የኀዘን አለባበስ ነው፤ መርዶ ሳይነገር እንዲህ ለብሶ የሚመጣ የለም፣ ገና ከአጥሩ በር ትለየዋለችና። ሁለተኛ፣ ሴቶቹ ከሽማግሌዎቹ ኋላ ቆመዋል። ቦታቸው ከእናትየው ግራና ቀኝ፣ እጅ የሚደርስበት ነው፤ የመጡት ወድቃ እንዳትጎዳ ሊይዟት ነውና።

ቀጥለው ያሉትን ደጋግሜ አነበብሁት። ነጠላው ራሱ መርዶውን ይንገር አሉ። ሽማግሌው ስለ አዝመራው፣ ስለ ውርጩ እያወሩ ሳለ ከጎረቤቶቹ ታናሽዋ ሆዷ አልችል ይላትና ሳይነገር ቀድማ ነጠላዋን ታዘቀዝቃለች። እናትየው ያንን ታያለች። በቃ፤ ማንም ምንም መናገር አያስፈልገውም። ከዚህ ክር አንድ ነገር ብቻ አስቀር ብባል ይህንን ነበር የማስቀረው።

7ኛ መልስ

ቅኔ ቤት የዋለ ሰው ነው። የ6ኛውን መልስ ባለቤት እጅ ነሥቶ ነገሩ ሰምና ወርቅ መሆኑን አስረዳ። ዋሸራም ሆነ ጎንጅ፣ ዲማም ሆነ ደብረ ኤልያስ ተማሪው የሚማረው ወርቁን በሰሙ ውስጥ መቅበር ነው፤ ወርቁን አፍ አውጥቶ የተናገረ ቅኔ ተሰጥኦ የለውም ይባላል። ሁለት ቤት ያላት ጉባኤ ቃና ዘለግ ካለ ቅኔ እኩል ልብ የምትነካው የሚሸፈነውን ስለምታውቅ ነው። የዳይሬክተሩ ስክሪፕት ላይ ያለው የሽማግሌ ንግግር ግን ወርቅ ብቻ ነው፤ ሞት፣ ፈጣሪ፣ መጽናት። ይሰረዝ አለ።

በምትኩ እናትየው እንግዶቿን አይታ ብድግ ትበልና በርጩማዋን ለታላቁ ሽማግሌ ታቅርብ። እሳቸው አይቀመጡ። እንደገና ትጋብዛቸው፤ አሁንም አይቀመጡ። ሰሙ የመቀመጫ ግብዣ ነው፣ ወርቁ መርዶው ነው። ደግሞም በርጩማው በ4ኛው መልስ የተነሣው፣ ልጁ ያሰረው ነው። ሁለቱ ሐሳቦች በሁለት ሰው እጅ ተገናኝተው አንድ ሆኑ።

8ኛ መልስ

አንድ ተማሪ የኩሌሾቭን ሙከራ ጠቀሰ። ሌቭ ኩሌሾቭ የሚባለው ሩሲያዊ የፊልም ዳይሬክተር ከመቶ ዓመት በፊት የተዋናዩን የኢቫን ሞዝዡኪንን አንድ ፊት ወስዶ ከሾርባ ሳሕን፣ ከሬሳ ሣጥንና ከሴት ምስል ጋር እያቀያየረ ቢያጣብቀው ተመልካቹ አንዴ ረኃብ፣ አንዴ ኀዘን፣ አንዴ ፍቅር አነበበበት፤ ፊቱ ግን አልተለወጠም። ስለዚህ ተዋናይዋ ምንም ባታደርግ ይሻላል፣ ሁሉን ኤዲቲንጉ ይሠራዋል ብሎ ደመደመ።

9ኛ መልስ

እርማት ነው፤ ትንሽ ጠንከር ያለ። የሙከራው ፊልም ዛሬ በእጅ የለም፤ የምናውቀው ከተጻፈው ነው። እ.ኤ.አ. በ1992 ተመራማሪዎቹ ስቲቨን ፕሪንስና ዌይን ሄንስሊ ሙከራውን ደግመው ሠርተው የተባለውን ያህል ውጤት አላገኙም። ትምህርቱ ከንቱ ነው ማለት አይደለም፤ ከፊቱ በፊትና በኋላ የሚመጣው ምስል ንባባችንን ይለውጣል። ባዶ ፊት ግን ባዶ ነው። ተዋናይዋ በውስጧ አንድ የምታስበው ነገር ይኑራት፣ ያሰበችውን አታሳይ፤ የሚታየው መደበቋ ነው አለ። እኔም ከዚህኛው ጋር ነኝ።

10ኛ መልስ

ክሩ የሻከረው እዚህ ላይ ነው። መላሹ ፊልም የሚያከፋፍል ይመስላል። ይህ ሁሉ የመጽሐፍ ወሬ ነው አለ፤ ባሕር ዳር ቲኬት ቆርጦ የገባ ሰው ማልቀስ ይፈልጋል፣ ጩኸትና ማሲንቆ የሌለው መርዶ ያልተጠናቀቀ ይመስለዋል፣ ዝምታ ሲበዛ ስልኩን ያወጣል። ነጠላና በርጩማ እያላችሁ ዳይሬክተሩን አታክስሩት ሲል ዘጋ።

11ኛ መልስ

የባሰ ስለታም ነበር። ተመልካቹን እንደ ሕፃን የሚቆጥር ሰው ስለ ተመልካች ባያወራ ይሻለዋል አለ። ወጋየሁ ንጋቱ ፍቅር እስከ መቃብርን በሬዲዮ ሲተርከው ምስል አልነበረም፣ የሚደበደብ ደረት አልነበረም፤ አንድ ድምፅና እረፍቱ ብቻ ነበር፣ አገር ግን በጆሮው አልቅሷል። ሰው ስልኩን የሚያወጣው ዝምታው ባዶ ሲሆን ነው፤ የሚጠብቀው ነገር ያለው ሰው ስልኩን ይረሳዋል። ከዚያ በኋላ የጻፈው ስድብ ስለሆነ አልደግመውም።

12ኛ መልስ

የመድረኩ አስተባባሪ ስድቡን አንሥቶ ሁለቱንም አሳሰበ። ለ10ኛው መላሽ ግን አንድ እውነት አለው ብሎ ፈረደለት፦ ዝምታ የድምፅ ማሰሚያው ደካማ በሆነ አዳራሽ ውስጥ ዝምታ ሆኖ አይሰማም፤ የማራገቢያ ድምፅና የሰው ሳል ይሞላዋል። ስለዚህ ዝምታውን የሚሞላ ነገር ከፊልሙ ውስጥ መቀረጽ አለበት።

13ኛ መልስ

ይህ ድምፅ ቀጂ ነው፤ በክሩ ውስጥ ረጅሙ መልስ የሱ ነው፣ ርዝመቱም ይገባዋል። ዝምታ ይቀዳል እንጂ አይገኝም ብሎ ጀመረ። ቀረጻው ሲያልቅ ሰው ሳይበተን ሁሉም ባለበት ቆሞ የቦታው ድምፅ 60 ሰከንድ ይቀዳ፤ ኤዲተሩ ከቴክ ወደ ቴክ (ከአንዱ የቀረጻ ሙከራ ወደ ሌላው) ሲሻገር ክፍተቱን የሚደፍነው በዚያ ነው። ያ ካልተቀዳ ዝምታው በየሾቱ ይዘላል፣ ተመልካቹም ምክንያቱን ሳያውቅ ከስሜቱ ይወጣል።

ስለ ማይክ ያለው እንዲህ ነው። ቡሙ (በዘንግ የሚያዘው ማይክ) ከተዋናይዋ ራስ በላይ ከ50 ሴንቲ ሜትር አይራቅ። ትንሿን የልብስ ማይክ ነጠላ ሥር ማድረግ ስሕተት ነው፤ ጥጥ በጥጥ ላይ ሲፈተግ ኮሽታው ንግግሩን ይበላዋል። ደረት ላይ ማድረግ ደግሞ ከዚያ ይብሳል፤ ለቅሶው ሲመጣ ማይኩን ራሱን ነው የምትደበድበው። ሻሿ ሥር፣ ግንባሯ ጫፍ ላይ በሐኪም ፕላስተር ይለጠፍ፤ ከአፏ ያለው ርቀትም አንገቷን ብታዞር አይለወጥም። የድምፅ ልክ፦ ንግግሩ ጫፉ ከዜሮ (መቅጃው ከሚችለው ከፍተኛ ልክ) በታች 12 ዴሲቤል አካባቢ ይሁን፤ ጩኸቱ ግን ከዚያ አልፎ ይሰነጠቃል፣ የተሰነጠቀ ጩኸት ደግሞ አይጠገንም። ስለዚህ ሁለተኛ ትራክ በ10 ወይም 12 ዴሲቤል ዝቅ ተደርጎ ጎን ለጎን ይቀዳ።

ዶሮ ደግሞ የንጋት ቀረጻ ጠላት ነው። አንዱ ቴክ ላይ ዶሮ ጮኾ ሌላው ላይ ካልጮኸ፣ ሁለቱን ስትቀጥላቸው ጩኸቱ መሐሉ ላይ ይቆረጣል። ንግግሩ ከዶሮ ነፃ ይቀዳ፤ ዶሮው ለብቻው ተቀድቶ ኋላ በሚፈለግበት ቦታ ይግባ። የእንዝርቷም ድምፅ ለብቻው ከ15 ሴንቲ ሜትር ርቀት ይቀዳ፤ ያቺ ደቃቅ ሹክሹክታ ናት የአዳራሹን ዝምታ የምትይዘው። እየተሽከረከረች ሳለ ተመልካቹ አይሰማትም፤ ስትቆም ነው የሚሰማት።

14ኛ መልስ

ከመንገድ ወጣ። ክረምት ላይ ቆርቆሮ ቤት ውስጥ ድምፅ መቅዳት የማይታሰብ መሆኑን፣ ሳር ቤት ከተገኘ ግን ዝናቡ እንኳ ለስለስ ብሎ እንደሚሰማ አነሣ፤ ጄኔሬተርም ቢያንስ 50 ሜትር ርቆ ከቤቱ ጀርባ መሆን አለበት አለ። ይህ ጥሩ ነበር፤ ከዚያ ሶኒ ይሻላል ካኖን የሚል ክርክር አስከተለና ሁለት ሦስት ሰው ተከተለው። በዚያ ክርክር የተገኘ ነገር የለም፤ እዘለዋለሁ።

15ኛ መልስ

የካሜራ ባለሙያ ናት። በኛ አገር ፀሐይ ቀጥ ብላ ስለምትወጣ፣ ሰማዩ ከቀላ እስክትወጣ ያለው ጊዜ 20 ደቂቃ ገደማ ብቻ ነው አለች። በ20 ደቂቃ የሚያልቅ ትዕይንት ስለሌለ የሚሠራው እንዲህ ነው፦ ሽማግሌዎቹ በመንገድ ሲመጡ የሚታይበት ሰፊ ሾት በእውነተኛው ንጋት ይቀረጽ፤ የእናትየው ክሎዝ አፖች ፀሐይ ከወጣች በኋላ በቤቱ ጥላ ሥር ይቀረጹና የካሜራው ነጭ ሚዛን (የቀለም ማስተካከያው) ወደ 4300 ኬልቪን ይውረድ፤ የጥላው ብርሃን ሰማያዊ ሆኖ ከንጋቱ ጋር ይገጥማል። እኩለ ቀን ላይ መቅረጽ ግን አይሞከር። በተለይ ሚያዝያና ነሐሴ ላይ ጎጃም ውስጥ ፀሐይዋ አናት ላይ ነች፤ የዓይን ጉድጓድ ጥቁር ይሆናል፣ ዓይኗ ካልታየ ደግሞ ትዕይንቱ የለም።

ካሜራው በእናትየው ዓይን ከፍታ ይቀመጥ፤ በርጩማ ላይ ለተቀመጠ ሰው ከመሬት 1 ሜትር አካባቢ ነው። ቆመን ከላይ ስንቀርጻት የሽማግሌዎቹን ዓይን ነው የምንሰጠው፤ ይህ ትዕይንት ግን የሷ ነው። ፊቷን በ85 ሚሊ ሜትር ሌንስ ከሩቅ ከመሳብ በ50 ሚሊ ሜትር ቀርቦ መቅረጽን መረጠች። ካሜራው ሲቀርብ አጠገቧ የተቀመጥን ይመስለናል፤ ረጅሙ ሌንስ ፊቷን ያሳምረዋል ግን በአጥር አሾልከን የምናያት ያስመስላል። ዓይኗ እንዲያበራ 2 ሜትር ነጭ አቡጀዲ ከበሩ ትይዩ ይወጠር። ካሜራው በሰከንድ 25 ፍሬም (ምስል) ይሁን፣ ሸተሩ (ብርሃን የሚያስገባው መዝጊያ) 1/50 ሰከንድ፤ የመብራታችን ሞገድ 50 ኸርዝ ስለሆነ በሌላ ቁጥር ምስሉ ሊርገበገብ ይችላል።

16ኛ መልስ

ደጅ ላይ በፀሐይ ብርሃን ለሚቀረጽ ትዕይንት የ50 ኸርዙ ነገር አይመለከተውም ብሎ አረማት፤ ቤት ውስጥ አምፖል ከበራ ብቻ ነው የሚያስፈራው። ልክ ነው። በ24 ፍሬም መቅረጽ የፈለገም የሸተሩን ማዕዘን (የመዝጊያውን ክፍተት) 172.8 ዲግሪ ቢያደርገው ያው 1/50 ይሆንለታል ብሎ ጨመረ።

17ኛ መልስ

ተዋናይት ናት፤ እስካሁን ስለ ተዋናይዋ ሰባት ሰው ተናግሮ ተዋናይ አለመናገሩ እንዳሳዘናት በጨዋነት ገለጸች። ትልቁ ጥፋት የቀረጻው ቅደም ተከተል ነው አለች። በልማድ ሰፊው ሾት ይቀድማል፤ ተዋናይዋ እዚያ ላይ፣ ፊቷ የአውራ ጣት ጥፍር በሚያህልበት ሾት፣ ያላትን ሁሉ ታፈሳለች። ክሎዝ አፑ ሲደርስ ሰባተኛው ቴክ ነው፤ እንባው አለ፣ ሰውየዋ ግን የለችም። ስለዚህ የፊቷ ሾት ይቅደም፤ ከሦስት ቴክ በላይም አይሞከር። ልምምዱ ላይ እጅና እግር ይለማመድ፣ ስሜቱ አይለማመድ። ነጠላዋን የምታዘቀዝቀው ጎረቤትም የእናትየው ክሎዝ አፕ ሲቀረጽ ካሜራው ባያያትም ቦታዋ ላይ ቆማ ታዘቅዝቅ፤ ተዋናይዋ የምታየው የካሜራ እግር ሳይሆን ያችን እጅ መሆን አለበት።

ስለ ሰው ሠራሽ እንባ ሲጠየቅ የሰማችውን ሁሉ መለሰች። ግሊሰሪን ወፍራም ስለሆነ ወደ ታች ሲወርድ ይንቀረፈፋል፣ ከዓይን ሞልቶ ሳይሆን ጉንጭ ላይ ይጀምራል፤ ቅርብ ሾት ላይ ይታወቃል። ሜንቶል ከዓይን ሥር ሲቀባ እውነተኛ እንባ ያመጣል፣ ግን ለሁለቱም ዓይን እኩል ስለሚያመጣው ኀዘን አይመስልም። ሁለቱም ከትንፋሽ አይበልጡም፤ ለቅሶ ከዓይን በፊት ከትንፋሽ ይጀምራል፣ ትንፋሿን ይዛ ለመናገር የምትሞክር ሴት ድምፅ ራሱ ይሰነጠቃል።

18ኛ መልስ

አንዱ እንግዲያው እውነተኛ ለቅሶ ቤት ሄዶ ሙሾውን መቅዳትና ከትዕይንቱ ሥር ማስገባት ይቀላል አለ።

19ኛ መልስ

የ6ኛው መልስ ባለቤት ተመለሱ፤ የፊቱ ለዘብታ አልነበራቸውም። የሰው ኀዘን ዕቃ አይደለም፣ አልቃሽ ያወረደችው ሙሾ የሟቹ ስምና ታሪክ አለበት፣ ቤተሰቡ አንድ ቀን ሲኒማ ቤት ቁጭ ብሎ የራሱን ለቅሶ ይሰማዋል አሉ። ሙሾ የምታውቅ ሴት ትጠየቅ፣ ለዚህ ፊልም ብላ ታውጣ፣ ይከፈላት። እግዜር ይስጣቸው፤ ይህን ማንም ባይናገረው እኔ እናገረው ነበር።

20ኛ መልስ

እንደገና ከመንገድ ወጣ፣ ግን ልብ የሚባል ነው። ከአዲስ አበባ የሚመጡ ተዋንያን በየዐረፍተ ነገሩ ኧረግ ሲሉ ጎጃሜ የሆኑ ይመስላቸዋል ብሎ ተቆጣ። ያገሩ አነጋገር በቃል ሳይሆን በዜማውና በሚያርፍበት ቦታ ነው፤ ተዋናይዋ ካልቻለችው የራሷን አማርኛ ትናገር፣ የውሸት ባላገር ቋንቋ ከገባ ግን ሰው ይስቃል፣ በመርዶ መሐል የሳቀ ተመልካች ደግሞ አይመለስም። ዳይሬክተሩ የእናትየው ንግግር ወደ ሁለት መስመር መውረዱን ጠቅሶ አመሰገነው።

21ኛ መልስ

ሙዚቀኛ ነው። ማሲንቆው ጩኸቱ ላይ ሲገባ አልቅሱ የሚል ትእዛዝ ይሆናል አለ። ሙዚቃ ካስፈለገ ትዕይንቱ ካለቀ በኋላ፣ ቀጣዩ ሾት ላይ ይግባ፤ ያኔ ተመልካቹ ቀድሞ የተሰማውን ይይዝለታል እንጂ አያዝዘውም። ትዝታ ቅኝት ናፍቆት ስለሆነ ለመርዶው ሰዓት አይሆንም፤ የናፍቆት ጊዜ ገና አልደረሰም። ልጁ በርጩማውን ሲያስር ዋሽንት በሩቁ ከእረኛ ዘንድ ትሰማ፤ በመርዶው ግን አትደገም፣ ከአርባው በኋላ ብቻ ትመለስ። አንዲት ዋሽንት በተለምዶ አራት ቀዳዳ ስላላት ለየቅኝቱ ሌላ ዋሽንት እንደሚያዝ፣ ዋሽንተኛው ሲጠራ ቅኝቱ አስቀድሞ ይነገረው ብሎም አሳሰበ።

22ኛ መልስ

የመጀመሪያው ኤዲተር ተመለሰና እስካሁን የተባለውን ወደ ቁርጥ (ሾቶቹ ወደሚቆረጡበትና ወደሚቀጠሉበት ቅደም ተከተል) ለወጠው። የፊልም ኤዲተሩ ዋልተር መርች ለቁርጥ ካስቀመጣቸው ስድስት መመዘኛዎች ስሜት ብቻውን 51 በመቶ፣ ታሪክ 23፣ ምት 10 ይይዛሉ፤ የቦታና የአቀማመጥ መገጣጠም የመጨረሻው 4 በመቶ ነው። ስለዚህ የነጠላዋ እጥፋት ከሾት ወደ ሾት ትንሽ ቢዛነፍም ፊቷ እውነት ከሆነ ያ ሾት ይመረጥ።

የዘረጋው ቅደም ተከተል ይህ ነው፦ ሽማግሌዎቹ መንገድ ላይ፣ ሳይቆረጥ 18 ሰከንድ። እጇና እንዝርቷ 6 ሰከንድ። ሰዎቹ ከመታየታቸው በፊት የእግራቸው ኮቴ በእጇ ሾት ላይ ይሰማ። የበርጩማው ግብዣ ሁለት ጊዜ። ነጠላው ሲዘቀዘቅ 2 ሰከንድ ብቻ፣ ከእናትየው ትከሻ ኋላ። ከዚያ ፊቷ፤ 9 ሰከንድ፣ ቁርጥ የለም፣ ቃል የለም። ተመልካቹ ያመለጠው ዳይሬክተር ሁሉ እዚህ ላይ ፈርቶ ወደ ሽማግሌው ይቆርጣል። ከፊቷ መውጣት ያለበት ዓይኗን ስትሰብር ነው፣ ከዚያ በፊት አይደለም። ቀጥሎ 100 ፍሬም፣ ማለት 4 ሰከንድ፣ የእንዝርቷ ድምፅ የቆመበት ዝምታ።

በመጨረሻም ዳይሬክተሩ የወደደውን የክር መበጠስ ተቃወመ። ሞት ሲነገር ክር መበጠሱን ከተመልካቹ ግማሹ ቀድሞ ያውቀዋል። አይበጠስ። ክሯን ከእንዝርቷ ላይ በጥንቃቄ ትጠቅልል፣ የቀረውን ባዘቶ ትሰብስብ፣ ሁለቱንም ከሙዳዩ ውስጥ ታስቀምጥ፣ ሙዳዩን ትክደን። ነገ እንደምትቀጥለው ሥራ። 12 ሰከንድ። ከዚያ ብድግ ብላ ከሾቱ ትውጣ፤ ካሜራው በርጩማው ላይ ይቅር፣ ለቅሶው ከውጭ ይሰማ፣ ያ 20 ሰከንድ።

የተበጠሰውን ክር እኔም ወድጄው ነበር፤ ይህን ካነበብሁ በኋላ ግን ያቺ የምትከደን ሙዳይ ከዓይኔ አልጠፋ አለች።

23ኛ መልስ

ዳይሬክተሩ ሁሉንም አመስግኖ፣ የ6ኛውን መልስ ባለቤት ለብቻቸው አንቱ ብሎ እጅ ነሥቶ፣ ትዕይንቱ እንደገና እንደሚቀረጽ አስታወቀ። የልጁ 40 ሰከንድ ተጽፏል፣ የሽማግሌው ንግግር ተሰርዟል፣ ማሲንቆው ወጥቷል፤ አጠቃላይ ርዝመቱ ወደ 2 ደቂቃ ተኩል ወርዷል። ቀረጻው ኅዳር ላይ ነው፣ ዝናቡ ካበቃ በኋላ። ሌላ የረሳሁት ነገር አለ ወይ ብሎ ጠየቀ።

24ኛ መልስ

ከዚህ በፊት ያልጻፈች ሴት ናት፤ መፍተል እንደምታውቅ ያስታውቃል። እንዝርት በእያንዳንዱ ቴክ ላይ ክር ይጨምራል አለች። በሦስት ቴክ ውስጥ ልቃቂቱ ወፍሮ ይገኛል፣ ቆርጠው ሲቀጥሉት አንዴ ቀጭን አንዴ ወፍራም ይሆናል። ስለዚህ ሦስት እንዝርት ይዘጋጅ፣ ሦስቱም ላይ እኩል የተፈተለ ክር ይኑር፣ ከእያንዳንዱ ቴክ በኋላ ይቀየር። ተዋናይዋም ቢያንስ ሁለት ሳምንት ትለማመድ፤ ያልለመደ እጅ እንዝርቷን ከጭኑ ላይ አንከባሎ ሲለቃት ዓይኑ ይከተላታል፣ የለመደች እናት ግን እንዝርቷን አታይም፤ ዓይኗ መንገዱ ላይ ነው።